የስታንሊ ወንድማማቾች ባንድ፦ ያለ ከበሮ፣ በአንድ ማይክ እንዴት ነው እንደዛ የሚሞቁት?

ክራር_ከሙጋድ (ደሴ)

ሰላም ለቤቱ፣ እንዴት ናችሁ። ደሴ ነው ያለሁት፣ ክራር እጫወታለሁ፣ ከአጎቴ ልጅና ከሰፈር ልጆች ጋር ትንሽ ቡድን አለችን፣ ማሲንቆ ክራር ዋሽንት ከበሮ እና አንዲት ዘፋኝ፣ ሰርግ ሲኖር ኮምቦልቻም እንወርዳለን ሀይቅም እንሄዳለን።

ቤታችን ካንትሪ ሲሰማበት ያደገ ቤት ነው፣ አባቴ የጂም ሪቭስ ነገር አይሆንለትም፣ ኬኒ ሮጀርስንም በቃሉ ነው የሚያውቀው። ሰሞኑን ዩቲዩብ ላይ ከአንዱ ወደ አንዱ ስሻገር የድሮ ጥቁርና ነጭ ቪዲዮ መጣብኝ፣ ስታንሊ ብራዘርስ ይላል፣ ኮፍያ ያደረጉ ሰዎች አንዲት ማይክ ከበው ቆመዋል፣ ከበሮ የለም ኪቦርድ የለም ኤሌክትሪክ ጊታር የለም፣ ግን እግርህ አርፎ አይቀመጥም። አንደኛው ጊታር ይዞ ይዘፍናል፣ ባንጆ (ያ ቆዳ የተወጠረበት ክብ ባለ ክር መሳሪያ) የያዘው ደግሞ ከላይ ሲገባበት ድምፁ እረኛ ገደል አፋፍ ላይ ሆኖ ሲያንጎራጉር ያለውን ነው የሚመስለው፣ ቋንቋው ባይገባኝም ደጋግሜ ሰማሁት።

እና ጥያቄዬ፣ እነዚህ ሰዎች እነማን ናቸው? ከገጠር የወጣ የአንድ አካባቢ ባንድ እንዴት እዚህ ደረሰ? ደግሞ ከበሮ ሳይኖር ምቱን ማነው የሚይዘው? በአንድ ማይክስ እንዴት ሁሉም ይሰማል? እኛ እኮ ለእያንዳንዱ ማይክ ተደርጎለትም ማሲንቆው አይሰማም፣ ከፍ ሲያደርጉት ደግሞ ስፒከሩ ያፏጫል፣ የሰርግ ሰው ጆሮውን ይይዛል፣ በጣም ነው የሚያናድደኝ ምክንያቱም ማሲንቆ የሚጫወተው ልጅ ከሁላችንም የሚበልጥ ልጅ ነው። የምታውቁ ካላችሁ በዝርዝር ንገሩኝ፣ አጭር መልስ አልፈልግም።


የቦርከና_ልጅ (ኮምቦልቻ)

አብሽር ወንድሜ፣ ዝርዝር ካልክማ ተቀመጥ።

ካርተር እና ራልፍ ስታንሊ ይባላሉ። ታላቅየው ካርተር በ1925 ነው የተወለደው፣ ራልፍ በ1927 (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው)፣ አገራቸው ቨርጂኒያ ዲከንሰን ካውንቲ የሚባል ተራራማ ቦታ ነው። ጊታር ይዞ የሚዘፍነው ካርተር ነው፣ ያ እረኛ ያልከው ድምፅ የራልፍ ነው። እናታቸው ሉሲ ራሷ ባንጆ ትጫወት ነበር፣ ራልፍ ልጅ ሆኖ አንድ ቀን አሳማ ይሻልሃል ወይስ ባንጆ ብላ ጠየቀችው፣ የሁለቱም ዋጋ 5 ዶላር፣ ሁለቱንም መግዛት ግን አይቻልም፣ እሱ ባንጆውን አለ። ይሄን ታሪክ ራልፍ ራሱ ነው እስከ እርጅናው ድረስ ሲያወራው የኖረው። የመጀመሪያውንም ዜማ ያሳየችው እሷ ናት፣ የድሮውን አመታት፣ በጥፍር ወደ ታች እየመቱ የሚጫወቱትን።

ራልፍ ከውትድርና በ1946 መጨረሻ አካባቢ ሲመለስ ባንዱን አቋቋሙ፣ ክሊንች ማውንቴን ቦይስ አሉት፣ ስሙን የወሰዱት ከአገራቸው ተራራ ነው። ማንዶሊን (ትንሽዬ ጊታር መሰል መሳሪያ) የሚጫወተው ፒ ዊ ላምበርት ነበር፣ ቫዮሊን ሌስሊ ኪዝ። መጀመሪያ ኖርተን የምትባል ከተማ ሬዲዮ ላይ ትንሽ ሰሩ፣ ከዛ ወደ ብሪስቶል ሄዱ፣ ታሪኩ የሚጀምረውም እዚህ ጋ ነው። ብሪስቶል የሁለት ስቴት ከተማ ናት፣ ድንበሩ በዋናው መንገድ መሃል ያልፋል፣ አንዱ ጎን ቨርጂኒያ ሌላው ቴነሲ። ደብሊው ሲ ዋይ ቢ የሚባል ሬዲዮ ያኔ አዲስ ተከፍቶ ነበር፣ ፋርም ኤንድ ፈን ታይም የሚል የምሳ ሰዓት ፕሮግራም ነበረው፣ ገበሬው ከእርሻ ገብቶ ምሳ ሲበላ የሚሰማው ማለት ነው፣ ባንዶቹም በቀጥታ ማይክ ላይ ይጫወታሉ።

ከሬዲዮው የሚያገኙት ብር ይሄ ነው የሚባል አልነበረም። ያገኙት ጥቅም ሌላ ነው፣ ዛሬ ማታ እዚህ ትምህርት ቤት አዳራሽ አለን ብለው ይናገራሉ፣ ማታ ሰው አዳራሹን ሞልቶ ይጠብቃቸዋል፣ የዘፈን ግጥም ያለበት መጽሐፍና ፎቶ ይሸጣሉ፣ ሌሊቱን ነድተው ተመልሰው በማግስቱ ለምሳ ሰዓት ሬዲዮው ላይ ይገኛሉ። የጣቢያው ሞገድ ከቨርጂኒያ አልፎ ቴነሲ ኬንታኪ ዌስት ቨርጂኒያ ኖርዝ ካሮላይና ስለሚደርስ መኪናቸው የምትደርስበት ቦታ ሁሉ ሰው ስማቸውን ያውቃል። አንተ ከገጠር የወጣ ባንድ እንዴት እዚህ ደረሰ ላልከው መልሱ ለኔ ይሄ ነው፣ የካንትሪ ዋና ከተማ ናሽቪል ሄደው አልለመኑም፣ አጠገባቸው ያለ ትንሽ ሬዲዮ በራቸውን ከፈተላቸው፣ ሰዉም የራሱን ድምፅ ስለሰማ ወደዳቸው። በ1947 ሪች አር ቶን ለሚባል ጆንሰን ሲቲ ያለ ትንሽ የሸክላ ድርጅት ቀዱ፣ በ1949 ትልቁ የሸክላ ድርጅት ኮሎምቢያ ወሰዳቸው።


ዜማ_አፍቃሪ

ሁሉም ጥሩ ሆኖ ግን እነዚህ ሰዎች የቢል ሞንሮ ቅጂ አይደሉም እንዴ? ይሄ የሚጫወቱት ሙዚቃ፣ ብሉግራስ የሚባለው፣ ስሙ ራሱ ከሞንሮ ባንድ ከብሉ ግራስ ቦይስ ነው የመጣው። እሱን ሳትጠቅስ የብሉግራስ መጀመሪያ ማውራት ልክ አይመስለኝም።


የቦርከና_ልጅ (ኮምቦልቻ)

ልክ ነህ፣ ሞንሮ መጠራት አለበት። ሞንሮ የኬንታኪ ሰው ነው፣ በ1939 ናሽቪል ግራንድ ኦል ኦፕሪ የሚባለው ትልቅ የሬዲዮ ሙዚቃ መድረክ የገባው፣ በ1945 መጨረሻ ኧርል ስክራግስ የሚባለው ልጅ በሦስት ጣት ባንጆ ይዞ ሲቀላቀለው ድምፁ ተሟላ፣ ጊታርና ድምፅ ሌስተር ፍላት፣ በ1946 እና 1947 የቀዱት ነው ለሁሉም መለኪያ የሆነው። ስታንሊዎችም እየሰሙ ተማሩ፣ አልደበቁትም። እንደውም ሞሊ ኤንድ ቴንብሩክስ የሚባል የፈረስ እሽቅድምድም ዘፈን አለ፣ ሞንሮ በ1947 ቀድቶት ሸክላው ሳይወጣ ተቀምጦ ነበር፣ ስታንሊዎች ከመድረክ የሰሙትን ይዘው በ1948 ቀድመውት አወጡት፣ የሞንሮ በ1949 ነው የወጣው። ሞንሮ በጣም ተናደደ፣ ኮሎምቢያ እነሱን ሲያስፈርም ጭራሽ ድርጅቱን ጥሎ ዴካ ወደሚባል ሌላ የሸክላ ድርጅት ሄደ።

ግን ነገሩን እዛ ላይ አታቁመው። በ1951 ካርተር ራሱ ከሞንሮ ጋር ለጥቂት ጊዜ ጊታር ይዞ ዘፍኗል፣ ታርቀዋል። ለኔ ያ ሸክላ የሚያሳየው ይሄ ነገር የአንድ ሰው አመል መሆኑ ቀርቶ የብዙ ባንድ ሙዚቃ ዓይነት የሆነበትን ሰዓት ነው። ቅጂ ብቻ ቢሆኑ ኖሮ ዛሬ ማንም አያስታውሳቸውም፣ የሚያስታውሳቸው ሰው ያመጡት የራሳቸው ነገር ስላለ ነው፣ እሱም ድምፃቸው ነው። አብዛኛው ባንድ መሪው ይዘፍናል፣ አንዱ ከላይ አንዱ ከታች ይገባል። እነሱ ከታች የሚገባውን ሦስተኛ ድምፅ አንስተው ከሁሉም በላይ አደረጉት፣ በ1949 ኮሎምቢያ ላይ ሲቀዱ ፒ ዊ ላምበርት ነው እሱን የያዘው፣ ካርተር ከታች፣ ራልፍ መሃል፣ ላምበርት ጣሪያው ላይ። እሱን ስትሰማ ፀጉርህ ይቆማል።


ባቲ_ሰኞ

እኔ ስለ ባንጆ አላውቅም፣ ስለ ዘፈኑ ግን አንድ ነገር ልበል። ያደግኩት መንዙማ በሚባልበት ቤት ነው፣ አያቴ ሐሙስ ማታ ሰው ሰብስበው አውጪው አንድ ስንኝ ያወጣል ተቀባዩ ይቀበላል፣ ከድቤውና ከጭብጨባው በፊት ድምፁ ብቻውን የሚሄድበት ቦታ አለ፣ እኔ የምወደው እሱን ነው። ወንድሜ የለጠፈውን ስም ፈልጌ ራልፍ ስታንሊ ብቻውን ሲዘፍን አገኘሁ፣ መሳሪያ የሚባል የለም፣ ሽማግሌ ሆኖ ነው የዘፈነው፣ ድምፁን ይዞ ይጎትተዋል፣ ጫፉ ላይ ይሰብረዋል። ከዛ ስለሱ ሳነብ ለካ ያደጉበት ቤተክርስቲያን ፕሪሚቲቭ ባፕቲስት የሚባል ነው፣ እዛ መሳሪያ አይገባም፣ መሪው ስንኙን ፈጠን አድርጎ ያወጣል ምዕመኑ ቀስ ብሎ ጎትቶ ይቀበላል። መሳሪያ የሌለበት ቦታ ያደገ ሰው ድምፁን ብቻውን ማቆም ይችላል፣ ስለዚህ ባንጆና ቫዮሊን ሲጨመርበት መሳሪያው አያሸንፈውም።

ክራር ከሙጋድ፣ ዘፋኛችሁ ልምምድ ላይ አንዳንዴ ያለ ምንም መሳሪያ ትዝፈን፣ አምባሰሉንም ባቲውንም እንዲሁ ባዶውን። ቅኝቱን ጉሮሮዋ ከያዘው ክራሩ ቢሳሳት እንኳን እሷ አትወድቅም። በነገራችን ላይ ራልፍ በ2002 ግራሚ የተሸለመው በዚህ ያለ መሳሪያ በዘፈነው ነው፣ 75 ዓመቱ ነበር።


ሳውንድማን_ፒያሳ (ደሴ)

ማይኩን እኔ ልመልስ፣ ስራዬ ነው።

መጀመሪያ ከበሮ የለም ያልከውን። ምቱን ተካፍለውታል። ትልቁ ቤዝ፣ ያ ቆሞ የሚጫወቱት፣ ጠንካራውን ምት ይመታል፣ ማንዶሊኑ ደግሞ በመሃል ያለውን ደካማውን ምት ቻ እያደረገ ይቆርጠዋል፣ ክሩን መትቶ ወዲያው በግራ እጁ ጣት ያፍነዋል ለዛ ነው ከበሮ የሚመስለው። ቤዝ ቻ ቤዝ ቻ። በዛ ላይ ባንጆው ሳያቋርጥ እንደ ጠጠር ይበትናል፣ አውራ ጣት አመልካችና መሃል ጣት፣ በሦስቱም ላይ መግረፊያ ጥፍር አለ። ስለዚህ ሦስት መሳሪያ ተጋግዞ አንድ ከበሮ ይሆናል፣ ማንም ብቻውን አይሸከመውም። እናንተም ክራር ይዛችኋል፣ ክራሩን በግርፍ አድርገህ ክሮቹን በግራ እጅህ ጣቶች ማፈን እኮ የለመድከው ነው፣ እሱን ደካማው ምት ላይ ብቻ አድርገውና ከበሮውን አሳርፉት፣ አንድ ዘፈን ሞክሩት።

አሁን ወደ ማይኩ። ማይኩ አንድ የሆነው በምርጫ ብቻ አይደለም፣ ያኔ ሬዲዮ ጣቢያም አዳራሽም ያለው ያው አንድ ማይክ ነው። ሚክሰር ላይ ሰው አልነበረም፣ ሚክሰሩ እግራቸው ነው። የሚዘፍነው ቀርቦ ይቆማል፣ ግጥሙ ሲያልቅ ግማሽ እርምጃ ወደ ጎን ይወጣል፣ ባንጆው አንገቱን ከፍ አድርጎ ይገባል፣ ሲጨርስ ወደ ኋላ ወጥቶ ቫዮሊኑ ይገባል፣ አዝማቹ ላይ ሦስት ጭንቅላት ይጠጋጋል። ቤዙ ሁልጊዜ ከኋላ ነው ምክንያቱም ድምፁ ትልቅ ነው። ድጋሚ ቪዲዮውን ስታይ ድምፁን አጥፍተህ እግራቸውን ብቻ እይ፣ ማን መቼ እንደሚገባ ተለማምደውታል፣ አይጋጩም፣ የቫዮሊኑ ቀስት የማንንም ዓይን አይወጋም።

የናንተ ማሲንቆ ለምን እንደሚያፏጭ ልንገርህ። ለእያንዳንዱ ማይክ ሲደረግ መድረኩ ላይ አምስት ስድስት የተከፈተ ማይክ አለ፣ ሁሉም ሞኒተሩንም (ወደ ተጫዋቾቹ የዞረውን ስፒከር) ይሰማል ስፒከሩንም ይሰማል፣ ማሲንቆ ደግሞ ድምፁ ቀጭን ስለሆነ እሱን ለማስነሳት ጌይኑን (የማይኩን ጉልበት) ሲከፍቱት መጀመሪያ የሚጮኸው እሱ ነው። ሲስተሙ ደግሞ ለኪቦርድ የተስተካከለ ነው፣ ኪቦርድ በገመድ ነው የሚገባው አያፏጭም፣ ስለዚህ ባለሙያው የለመደው መሃሉን ቀንሶ ላይና ታቹን መጨመር ነው፣ የማሲንቆ ነፍሱ ያለው መሃሉ ላይ ነው። ያንን ሲቀንሱት ነው የሚጠፋባችሁ፣ ልጁ ስለማይችል አይደለም።

አንድ ማይክ ለማድረግ ከፈለጋችሁ፣ አንድ ጥሩ ኮንዴንሰር (ራቅ ያለውንም ድምፅ የሚያነሳ ማይክ) በደረት ቁመት፣ ሞኒተር ጨርሶ አጥፉት፣ ስፒከሮቹ ከማይኩ ቀድመው ወደ ሰው ዞረው ይቁሙ፣ ማይኩ ከኋላቸው ይሁን። በደንብ ተጠጋግታችሁ ቁሙ፣ እርስ በርስ በጆሮ ተሰማሙ፣ ድምፃችሁን የምታስተካክሉት ማይኩ ላይ ሳይሆን እናንተ ጋ ነው። ግን እውነቱን ልንገርህ፣ ድንኳን ሙሉ ሰው እየጨፈረ ባለበት ሰርግ ይሄ አይሰራም፣ ሰው ሲጮህ ማይኩ እሱንም ይሰማል። አዳራሽ ውስጥ ተቀምጦ ለሚሰማ ሰው ግን ከዚህ የሚያምር የለም። ለሰርጉ ማሲንቆው ቆዳ ላይ የሚለጠፍ ፒክአፕ (የመሳሪያውን ንዝረት ብቻ የሚያነሳ ትንሽ ነገር) ፈልጉለት፣ መሃሉን አትቀንስብን በሉ፣ በቃ።


ክራር_ከሙጋድ (ደሴ)

ጌታዬ ሁላችሁም ተባረኩ፣ ይሄን ያህል አልጠበቅኩም። ባቲ ሰኞ እህቴ፣ ያልሽውን ለዘፋኛችን አነበብኩላት፣ አያቴም እንደዛ ነው የሚሉኝ አለችኝ። ሳውንድማን፣ የእግሩ ነገር ገባኝ፣ ቪዲዮውን ድምፅ አጥፍቼ አየሁት፣ እውነትም አንዱ ሲወጣ አንዱ ሲገባ ዳንስ ነው።

ግን አንድ ነገር አልገባኝም፣ ባንጆው ላይ አንዷ ክር አጭር ናት፣ ከአንገቱ መሃል ነው የምትጀምረው፣ እሷ ምንድን ናት?


የቦርከና_ልጅ (ኮምቦልቻ)

አምስተኛዋ ክር ናት፣ መቃኛዋ አንገቱ ጎን ላይ አምስተኛው ፍሬት አካባቢ ነው። ከላይ በአውራ ጣት በኩል ብትቀመጥም ድምፅዋ ከሁሉም ቀጭን ነው፣ በጣት ተይዛ ዜማ አትጫወትም፣ አውራ ጣት በየመሃሉ ይነካታል፣ ያው አንድ ድምፅ እየተመላለሰ ከዜማው በላይ ያንቃጭላል። ራልፍ መጀመሪያ እንደ እናቱ፣ ከዛ በሁለት ጣት፣ ኋላ ስክራግስን ከሰማ በኋላ በሦስት ጣት ነው የተጫወተው፣ የመጀመሪያ ሸክላዎቻቸው ላይ ሁለት ጣት ነው የምትሰማው፣ ሞሊ ላይ ሦስት ሆኗል።

አንድ ነገር ልጨምርልህ፣ ክራር ተጫዋች ስለሆንክ ደስ ይልሃል። ባንጆ የነጮቹ ተራራ መሳሪያ አይደለም መነሻው። ከምዕራብ አፍሪካ በባርነት የተወሰዱ ሰዎች ከቅልና ከቆዳ የሰሩት ነው፣ አጭሯ ክርም ከዛ የመጣች ናት፣ እዛ አሁንም አኮንቲንግ የሚባል ቆዳ የተወጠረበት ባለ ቅል መሳሪያ አላቸው። ሞንሮም ቢሆን ልጅ ሆኖ አርኖልድ ሹልትዝ የሚባል ጥቁር ጊታርና ቫዮሊን ተጫዋች አስተምሮታል፣ ሞንሮ ይሄን እስኪሞት ድረስ ተናግሯል። ሹልትዝ በ1931 ሞተ፣ አንድም ሸክላ የለውም። ይሄ እኔን በጣም ያንገበግበኛል፣ ስንት ሰው ከሱ ተምሮ የሱ እጅ ግን አይሰማም።


ጋሽ_ጦሳ (ደሴ)

ልጆች፣ ሳነባችሁ ቆየሁ። እኔ የደርግ ጊዜ ሰው ነኝ። ያኔ ደሴ የወሎ ላሊበላ የኪነት ቡድን ነበራት፣ ማሪቱ ለገሰን የመሰለች ድምፅ የወጣችው ከዚያ ነው። ክፍለ ሀገሩ ነው የያዘው፣ ደሞዝ አለ፣ መኪና አለ፣ የመንግሥት ነገር ስለሆነ የሚዘፈነውም እነሱ ያሉት ነበር፣ እሱን አልረሳውም። ነገር ግን ከየወረዳው ድምፅ ያለው ሰው ተፈልጎ ይመጣ ነበር፣ አምባሰሉን የአምባሰል ሰው፣ ባቲውን የባቲ ሰው እንዲዘፍነው።

የቦርከናው ልጅ ስለ ሬዲዮው የጻፈውን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። መንግሥት አልያዛቸውም፣ ባለ ሀብት አልያዛቸውም፣ ምሳ ሰዓት ላይ ትንሽ ሰዓት ሰጧቸው፣ የቀረውን ራሳቸው ሰሩት። እዚህ ኤፍ ኤም አለን፣ ብዙውን ሰዓት የሚያጫውተው አዲስ አበባ የተቀዳውን ነው። በሳምንት ግማሽ ሰዓት ለደሴ ለኮምቦልቻ ለሀይቅ ለኩታበር ልጆች በቀጥታ ቢሰጥ ምን ይጎድላል? ክራር ከሙጋድ፣ አንተና ጓደኞችህ ጻፉና ጠይቁ፣ እኔ አብሬ እፈርማለሁ፣ የማውቃቸውንም አስፈርማለሁ። ስታንሊዎቹ ኋላ እንዴት ሆኑ ግን? ኑሯቸው ደህና ነበር?


የቦርከና_ልጅ (ኮምቦልቻ)

ጋሼ፣ ከባድ ነበር። ሃምሳዎቹ መሃል ላይ ሮክ ኤንድ ሮል ሲመጣ የገጠር ባንድ ሁሉ ገበያው ቀዘቀዘበት፣ ቴሌቪዥንም ገባ፣ በ1958 አገራቸውን ትተው ፍሎሪዳ ላይቭ ኦክ የሚባል ቦታ ስራ ፍለጋ ሄዱ። ባንዱንም አሳነሱት፣ አንዳንዴ ጊታርና ባንጆ ሌላ አንድ ሁለት ሰው ብቻ ሆነው ይጫወቱ ነበር። በ1966 መጋቢት አውሮፓ ሄደው ተጫወቱ፣ በዛው ዓመት ታኅሣሥ መጀመሪያ ላይ ካርተር አረፈ፣ 41 ዓመቱ ነበር። ራልፍ መተው አለመተው ጨንቆት ነበር፣ ግን የባንዱን ስም ሳይቀይር ቀጠለ፣ በ2016 እስኪሞት ድረስ ሃምሳ ዓመት ሊሞላው ምንም አልቀረውም።

የሬዲዮውን ነገር እኔም እፈርማለሁ፣ ከኮምቦልቻ ሌላ ሁለት ቡድን አውቃለሁ ለነሱም እነግራለሁ።


ሳውንድማን_ፒያሳ (ደሴ)

ኮንዴንሰር ማይክ አለኝ፣ ስትለማመዱ ላምጣላችሁ፣ ኪራይ አልፈልግም። ለሬዲዮው የምታስገቡትን አንድ ማይክ ላይ እንቅዳው፣ ሦስት ዘፈን ይበቃል። ቦታው ግን ቆርቆሮ ጣሪያ ብቻ አይሁን፣ ኮርኒስ ያለው ክፍል ፈልጉ፣ ዝናብ ከመጣ ሁሉም ይበላሻል።


ክራር_ከሙጋድ (ደሴ)

ኮርኒስ ያለው የአጎቴ ሳሎን አለ፣ ሶፋውን እናወጣለን። ጋሽ ጦሳ፣ ደብዳቤውን እኛ እንጽፈውና እርስዎ አይተው ያርሙልን። ሳውንድማን፣ ቅዳሜ ከሰዓት ይመችሃል? ከበሮ የሚመታው ልጅ ግን ከበሮው ከቀረ እኔ ምን ልሰራ ነው እያለ ነው፣ እሱን ምን እናድርገው?


ባቲ_ሰኞ

ይቀበላ! ሦስተኛ ድምፅ የላችሁም እኮ፣ ከላይ ይግባ።